በሬን ሳልቀረቅር የማድርበት ምክንያት

ለክቡር አቶ አለማየሁ
የፖለቲካ ኮሙዩኒኬሽን ስትራቴጂስት
ባሉበት

ጉዳዩ፦ አንዲት ቃል እንድትነሳልኝ ስለመጠየቅ

ከሁሉ አስቀድሞ ከፍኖተ ሰላም የተነሳው ሰላምታዬ እርስዎ ካሉበት ከፍ ካለው ሕንፃ ይድረስልኝ። ለመሆኑ እንዴት ሰንብተዋል? ጤናዎ፣ ድምፅዎ፣ ደግሞም በቴሌቪዥን በታዩ ቁጥር ገና ዛሬ ከሱቅ የወጣ የሚመስለው ከረባትዎ፣ ሁሉም ደህና ናቸውን? የእኔን ደህንነት የጠየቁ እንደሆነ፣ እግዚአብሔር ይመስገን፣ ፍጹም ደህና ነኝ። ይህንንም ያወቅሁት ከራሴ ሳይሆን ከእርስዎ መግለጫ ነው፤ መግለጫው ባይወጣ ኖሮ ደህና አይደለሁም ብዬ በስሕተት ልኖር ነበር።

በሥራ ብዛት ረስተውኝ እንደሆነ ራሴን ላስታውስ። እኔ ቻላቸው ነኝ። ከፍርድ ቤቱ አጥር አጠገብ፣ ከዋርካው ጥላ ሥር ጠረጴዛ ዘርግቼ ማመልከቻ የምጽፍ፣ ከእናትዎ ከእትዬ አስካለ ማርያም ጋር አንድ የባሕር ዛፍ አጥር የምንካፈል ጎረቤት ነኝ። ከልጄ ከቢሆነኝ ጋር በአንድ ወንበር ተምራችኋል፤ እናንተ ቤት ምሳ፣ እኛ ቤት ራት እየበላችሁ ስታድጉ የትኛው የማን ልጅ እንደሆነ ለመንገደኛ ያደናግር ነበር። ዕድሜዬን በሙሉ የሰው አቤቱታ ስጽፍ ኖርኩ፤ ድንበሬን ገፋብኝ፣ የልጆቼ ቀለብ ይቆረጥልኝ፣ ደመወዜ ዘገየብኝ። "ክቡርነትዎ" እና "በታላቅ ትሕትና" የሚሉትን ቃላት ብዕሬ ሳልነግራት ትጽፋቸዋለች። ስለ ራሴ ስጽፍ ግን ይህ የመጀመሪያዬ ነውና ሥርዓቱን ስቼ ብገኝ በይቅርታ ይለፉኝ። ደብዳቤውን ግልጽ ያደረግሁትም ደፍሬ አይደለም፤ ቀደም ሲል ለጽሕፈት ቤትዎ ለላክሁት የታሸገ ደብዳቤ "ለሚመለከተው ክፍል ተመርቷል" የሚል መልስ ስለደረሰኝ፣ የሚመለከተው ክፍል የት እንደሚገኝ ሕዝቡ ቢያፈላልግልኝ ብዬ ነው።

አንደኛ፤ ስለ ሥራ ሕይወትዎ ያለኝን አድናቆት እገልጻለሁ።

ሌላው ሰው እርስዎ ስትራቴጂስት ሆነው የጀመሩት አዲስ አበባ ይመስለዋል። እኛ ግን የጀመሩበትን እናውቃለን፤ በፒካፕ መኪና ጣራ ላይ በታሰረ ድምፅ ማጉያ ነበር። ስለ ክትባት ቀን፣ ስለ ስብሰባ፣ ስለ ጠፋ ከብት ይለፍፉ ነበር። አንድ ጊዜ ስለ ጠፋች ጥቁር ላም ሲለፍፉ ድምፅዎ ሆድ የሚያባባ ነበርና፣ ላሟን አይተዋት የማያውቁ ሴቶች እንባቸውን በነጠላቸው ሲጠርጉ በዓይኔ አይቻለሁ። ላሟ በማግስቱ ተገኘች፤ የእርስዎ ስም ግን በዚያው ወጣ። ቀጥሎ በአንድ ወረዳ የሕዝብ ግንኙነት ባለሙያ ሆኑ፤ ወረዳውን ስለማክበር ስሙን አልጠራም። ቧንቧው ደርቆ ሕዝቡ ወደ ምንጭ ሲወርድ "ኅብረተሰቡን ያሳተፈ አማራጭ የውሃ አቅርቦት ተጀመረ" ብለው የጻፉት ያኔ ነበር። የዚያ ወረዳ ሰው ጀሪካኑን ተሸክሞ አቀበቱን ሲወጣ ያን በሬዲዮ ሰምቶ፣ ውሃ የቸገረን መስሎን ነበር እንጂ ለካ አማራጭ ላይ ነን ብሎ ተጽናና።

ከዚያ ወዲያማ ማን ይያዝዎት። ከትንሹ ከተማ ወደ ትልቁ፣ ከትልቁም ወደ ዋናው ተሻገሩ። ዛሬ ባለሥልጣን ከመናገሩ በፊት እርስዎን ያማክራል፤ ከተናገረ በኋላም ምን ማለቱ እንደነበር እርስዎ ይነግሩታል ይባላል። ባለፈው ዓመት በአንድ ሆቴል አዳራሽ ሥልጠና ሲሰጡ በቴሌቪዥን አይቼዎታለሁ። "መጥፎ ወሬ የሚባል ነገር የለም፤ ያልተዘጋጀ ሰሚ እንጂ" ብለው ሲናገሩ አዳራሹ አጨበጨበ። እኔም ቤቴ ብቻዬን ተቀምጬ አጨበጨብኩ፤ ያን ቃል ከማን እንደሰሙት አውቃለሁና። ከእኔ ነው የሰሙት። ችግሩ አዳራሹ የሰማው ግማሹን ብቻ መሆኑ ነው።

ሁለተኛ፤ ስለ ቀረው ግማሽ።

አንባቢ ይወቀው ዘንድ፣ ከማመልከቻው ሌላ በሰፈሬ የታወቅሁበት ሥራ መርዶ መንገር ነበር። ደመወዝ የለውም፤ ወዶ የሚገባበትም የለም፤ አንድ ቀን ሽማግሌዎች አንተ ተናገር ብለው ይገፉሃል፣ በዚያው ትቀራለህ። በእኛ አገር የሩቅ ሰው ሞት ማታ ቢሰማ ማታ አይነገርም። ዘመድ እስኪሰበሰብ፣ ባለ ሐዘኑን ግራና ቀኝ የሚይዙት እስኪደርሱ ወሬው ከጎረቤት ጉያ ያድራል። ጎረቤት ምንም እንዳልሰማ ሆኖ እንደ ወትሮው ይገባል፣ ይወጣል። አንዷ ሴት ደግሞ ምግብ ይዛ ትመጣና በሆነ ባልሆነው አመካኝታ ያን ሰው ራት ታበላዋለች፤ ከነገ ጀምሮ እህል እንደማይወርድለት ታውቃለችና። ከዚያ ጎህ ሲቀድ፣ በሩ ሳይከፈት፣ ሽማግሌዎች ከደጃፉ ይቆማሉ። አንዱ ስም ይጠራል። ያ አንዱ እኔ ነበርኩ።

እርስዎ ጎረምሳ ሳሉ አብሬዎ ልሂድ እያሉ ይለምኑኝ ነበር። ድምፅዎ ለስላሳ፣ ፊትዎ የሚታመን ስለነበረ የሚተካኝ ሰው አገኘሁ ብዬ ደስ አለኝ። ትዝ ይልዎ እንደሆነ በማንኩሳ በኩል ወደ አንድ የገጠር መንደር ወርደን ነበር። ወይኒቱ የምትባል ባሏ የሞተባት ሴት ነበረች፤ አንዲት ልጇ ሆስፒታል ገብታ በወሊድ አርፋለች። አመሻሹ ላይ ደርሰን ከጎረቤት ቤት ተቀምጠን ንጋትን ስንጠብቅ፣ እርስዎ ውሃ ልጠጣ ብለው ወጥተው ከሴትዮዋ ጋር በአጥሩ በር ተገናኙ። ከከተማ መምጣትዎን ሰምታ ኖሮ፣ ልጄን ሆስፒታል አይተሃታል ወይ ብላ ጠየቀችዎ። አላየሁም ማለት ይበቃ ነበር። እርስዎ ግን ዓይኗን አይተው አላስቻለዎትም፤ ተገላግላለች፣ ደህና ናት፣ ነገ ትመጣለች አሏት።

ጎህ ሲቀድ ከደጃፏ ስንደርስ ወይኒቱ ተነስታ ግቢዋን ጠርጋ ጨርሳ ነበር። ለአራሷ ገንፎ ልታገነፋ ውሃ ጥዳለች። ሽማግሌዎቹን ስታይ የምሥራቹን የያዝን መስሏት እልል ልትል አፏን ከፈተች። ከዚያ በኋላ የሆነውን አልጽፈውም፤ እርስዎም ከቁልቋሉ ኋላ ተሸሽገው ሰምተውታል። ብዙ መርዶ ነግሬያለሁ፤ የዚያችን ሴት የመሰለ አወዳደቅ ግን አላየሁም። ሌላው ሰው ሲወድቅ ከቆመበት ነው፤ እሷ የወደቀችው ከደስታዋ ላይ ነው።

ከማንኩሳ እስከ ከተማችን እያለቀሱ ተመለሱ። እኔም በመንገድ ላይ የነገርኩዎት ይህን ነበር፤ ሰሚው እስኪዘጋጅ ማዘግየት ደግነት ነው፤ ሌሊቱን የምናሳልፈው ግን ለንጋቱ ብለን ነው፤ ንጋት የሌለው ማዘግየት ውሸት ይባላል። ራስዎን ነቀነቁ። ያን ጊዜ የገባዎት መስሎኝ ነበር፤ ለካ ደክሞዎት ኖሯል።

ሦስተኛ፤ ስለ መግለጫው።

ልጄ ቢሆነኝ በዲፕሎማ ተመርቆ ሥራ ሲያጣ፣ እናቱ ሀብትነሽ ካረፈች ወዲህ ማፍሰስ የጀመረውን ጣራችንን እቀይራለሁ ብሎ በየክረምቱ ለአረም ወደ ቆላ ይወርድ ነበር፤ ከሽንዲ ቁልቁል። በዚህ ክረምትም ወረደ። ነሐሴ ላይ ሠራተኞቹን የጫነ አይሱዙ ወንዝ ሲሻገር ደራሽ ውሃ ገለበጠው የሚል ወሬ መጣ። ከተማው ሁሉ ስልክ ላይ ወደቀ። የልጄ ስልክ ዝግ ነበር። በማግስቱ መግለጫው ወጣ። የፎቶ ኮፒ ቤቷ ፀደይ ሱቋን እንኳ ሳትዘጋ እየሮጠች መጥታ ከስልኳ ላይ አነበበችልኝ፤ "በደራሽ ውሃ ተይዘው የነበሩ የቀን ሠራተኞች በተደረገው የተቀናጀ ርብርብ ሁሉም በሰላም ወደ ቀያቸው ተመልሰዋል" ይላል። ስምዎ አልተጻፈበትም፤ ግን የእጅዎን ሥራ አውቃለሁ፤ ርብርብ ባለበት እርስዎ አሉ።

ከመግለጫው ጋር ፎቶ ነበረው። ሠራተኞቹ ከመኪና ላይ ሆነው ይስቃሉ፤ ከኋላ በኩል ደግሞ ቢሆነኝ እጁን ወደ ላይ አንስቶ ይስቃል። ፀደይ ጣቷን ፊቱ ላይ አድርጋ፣ ጋሼ፣ ይኸው አለች። እንዴት አላምን። የሰው ሞት ሲናገር ያረጀ ሰው፣ አንደበት እንዴት እንደሚታጠፍ የሚያውቅ ሰው፣ እኔ፣ አመንኩ። ዶሮ ገዛሁ። የልጄን ፍራሽ ፀሐይ ላይ አወጣሁ። ማልጄ ተነስቼ ግቢዬን ጠረግሁ። መጥረጊያው እጄ ላይ እንዳለ ወይኒቱ ትዝ አለችኝና እዚያው ቆምኩ።

ፀደይን እንደገና አሳዪኝ አልኳት። በፎቶው ላይ ልጄ የለበሰው ጃኬት ከዚህ ክረምት በፊት፣ ለፋሲካ፣ ለአንድ የታረዘ ሰው የሰጠነው ነው። ፎቶው ከዚያ በፊት በነበረው ክረምት የተነሳ ኖሯል። ክቡርነትዎ፣ ከብዙ ፎቶ መካከል ይህን ሲመርጡ ከኋላ ሆኖ የሚስቀውን ሰው አላወቁትም ይሆናል። ወይም ደግሞ አውቀውት፣ የሚያውቁት ፊት ስለሆነ ደስ ብሎዎት መርጠውት ይሆናል። ከሁለቱ የትኛው እንደሚሻለኝ እስካሁን አልወሰንኩም።

ከዚህ በኋላ ያለውን በተራ ቁጥር ማስቀመጥ አቅቶኛል። ለደንበኛ ቢሆን እችል ነበር።

ሌሎቹ ተመለሱ፤ ቢሆነኝ አልተመለሰም። የተመለሱትን ስጠይቅ አንዱ፣ ወደ ቡሬ አልፎ ይሆናል ይለኛል። ሌላው ከኋላ በነበረው መኪና ነው የተሳፈረው ይለኛል። ሦስተኛው ልጅ ታሞብኝ ብሎ ይሄዳል። አልተቀየምኳቸውም፤ ሁለት ነገር አንደበታቸውን አስሮታል። አንዱ መግለጫዎ ነው፤ ከመግለጫ የተለየ የሚያወራ ሰው ምን ተብሎ እንደሚጠራ በሌላ መግለጫ አስተምረውናልና። ሁለተኛው እኔ ራሴ ነኝ፤ ለመርዶ ነጋሪ መርዶ የሚነግር ከየት ይመጣል? ገና ከሩቅ በአረማመዳችን ያውቅብናል ብለው ይፈሩኛል። እውነታቸውን ነው፣ አውቅባቸዋለሁ።

ጎረቤቴ ዓባይነሽ መግለጫው የወጣ ዕለት እንኳን ደስ ያለዎት ልትለኝ ጠላ ይዛ መጣች፤ ቢሆነኝ የታለ፣ ልሳመው እንጂ አለች። ገና አልገባም አልኳት። በሳልስቱ ደግማ መጣች። ዛሬም ገና ነው ስላት ጠላውን ማስቀመጡም መመለሱም ቸግሯት፣ እንስራውን አቅፋ ብዙ ቆማ ሄደች። ከዚያ ወዲህ ሰው ቤቴ መግባት ተወ። ክፋት አይደለም። እግዚአብሔር ያጥናዎ ብሎ ቢገባ መግለጫውን መቃወሙ ነው፤ እንኳን ደስ ያለዎት ብሎ ቢገባ በእኔ ላይ መቀለዱ ነው፤ በሁለቱ መካከል የሚባል ቃል ደግሞ አባቶቻችን አላበጁልንም። ስለዚህ ሁሉም ከሩቅ ባርኔጣውን እያነሳ ያልፋል። የእድራችን ዳኛ ድንኳን ለማውጣት የሞት ማስረጃ ያስፈልጋል አለኝ፤ ማስረጃ የሚሰጠው ሰው ደግሞ ልጅዎ ከተመላሾቹ መካከል ነው አለኝ። የነፍስ አባቴን ፍትሐት ያድርጉልኝ ብላቸው፣ ተመለሰ ለተባለ ሰው እንዴት አድርጌ ብለው አንገታቸውን ደፉ። ላም አለኝ በሰማይ ሲባል እሰማ ነበር፤ የእኔው ይብሳል፣ በማኅተም የተረጋገጠ ልጅ አለኝ።

መስከረም ሲያልቅ በቆሎ ልገዛ ወደ አቶ መሐመድአወል መጋዘን ገባሁ። እህል ነጋዴ ነው፤ ከቆላው ስለሚያስጭን ሾፌሮች ሁሉ ዕቃም መልእክትም እሱ ዘንድ ያኖራሉ። ከጆንያዎቹ በላይ በንጹሕ ፌስታል የተጠቀለለ ጋቢ ተቀምጧል። ጥለቱ በፌስታሉ ውስጥ ይታያል። ሀብትነሽ ፈትላ ለልጇ ያሠራችው፣ እሱም ወደ ቆላ ይዞት የወረደው ነው፤ የአንዱ ጫፍ ጥለት ከሌላው ሰፍቶባት ከሸማኔው ጋር የተጣላችበት። አቶ መሐመድአወል ማየቴን አየ፤ እኔም ማየቱን አየሁ። በእነሱ ሥርዓት የሞተ ሰው ሳይውል ሳያድር ይቀበራል፣ ወሬውም አያድርም፤ እንዲህ ያለ ነገር ለሳምንታት ታቅፎ መቀመጥ እንዴት እንደከበደው ከፊቱ ይነበብ ነበር።

የዘንድሮ በቆሎ እንዴት ነው አልኩት። ዝናቡ በዝቶበታል፣ ግን አይከፋም አለኝ። ስለ በቆሎ ብዙ አወራን፤ ስለ ነቀዝ ሁሉ አነሳን። ስወጣ እጄን በሁለት እጁ ይዞ አለቅም አለ፤ ጋሽ ቻላቸው፣ አላህ ነው የሚያውቀው አለኝ። አዎ፣ እሱ ሳያውቅ አይቀርም አልኩት። ጋቢውን አልጠየቅሁትም። ብጠይቀው ይሰጠኝ ነበር፤ ግን ያ መርዶ አይደለም፣ ዕቃ መረከብ ነው።

ከሁሉ የከበደኝ ግን የእናትዎ ነገር ነው። እትዬ አስካለ ማርያም በየማታው ምግብ ይዘው አጥሩን ይሻገራሉ። አያ ቻላቸው፣ ሽሮው ተርፎኝ ነው ይላሉ፤ ሌላ ቀን ደግሞ የጎመኑ ጨው በዝቶ እንደሆን ይቅመሱልኝ ይላሉ። እስክጨርስ ከፊቴ አይነሱም። ይህ ምን እንደሆነ ለእርስዎ ማስረዳት አይገባኝም። እናትዎ ራት እያበሉኝ ነው፤ ነገ እህል እንደማይወርድለት የታወቀ ሰው የሚበላውን ራት። እኔም በልቼ፣ አመስግኜ፣ ሽማግሌዎች መግቢያ እንዳያጡ ብዬ በሬን ሳልቀረቅር እተኛለሁ። ወፍ ሳይንጫጫ ተነስቼ ልብሴን ለብሼ ከአልጋዬ ጫፍ ተቀምጬ ኮቴ አዳምጣለሁ። ወደ ወፍጮ የሚነዳ አህያ ያልፋል። ኪዳን ሊያስደርሱ የሚሄዱ ሴቶች ያልፋሉ፤ ከእኔ ደጃፍ ሲደርሱ ወሬያቸውን ዝቅ ያደርጋሉ። የሚቆም የለም። ይነጋል፤ ፀሐይዋ ባልተቀየረው ጣራዬ ቀዳዳ ትገባለች። ሲመሽ እናትዎ ሳህናቸውን ይዘው ይመጣሉ። እውነትና ንጋት እያደር ይጠራል ይባላል፤ በእኔ ቤት ንጋቱ ብቻ ነው የሚጠራው።

እናትዎን ይንገሩኝ ብዬ አልጠይቃቸውም። ልጄ አለማየሁ ዋሽቷል ብለው ያልቅሱልኝ ማለት ይሆንብኛል፤ ያ ደግሞ ከየትኛዋም እናት አይጠየቅም። አንድ ማታ ግን ሳህኑን ሲያነሱ፣ አለማየሁ በደወለ ቁጥር ስለ እርስዎ ይጠይቀኛል አሉኝ። ምን ይሉታል ብላቸው፣ ደህና ናቸው ነው የምለው አሉ። መግለጫ መስጠት ከቤት እንደሚጀመር ያን ማታ ገባኝ።

ክቡርነትዎ፣ ብቻዬን ነኝ። ይህን በሌላ ቃል አሳምሬ ልጽፈው ሞክሬ አልሆነልኝም። ልጅ የሞተበት ሰው ብቻውን አይደለም፤ አገር ይመጣለታል፣ ጎረቤት ምንጣፉ ላይ አብሮት ይተኛል፣ እሱ ዝም ሲል ሌላው ያወራለታል። እኔ ግን ልጄንም ለቅሶውንም አጣሁ። አንዳንድ ጊዜ ጎህ ሲቀድ፣ ድሮ ሌላውን ስጠራ እንደነበረው፣ የራሴን ስም ጮክ ብዬ እጠራለሁ። አቤት የሚለውም እኔው ነኝ።

ስለዚህ በታላቅ ትሕትና የምለምነው ካሳ አይደለም፤ ጥፋተኛ ይፈለግልኝም አይደለም። ያን የሚጠይቁ ሌሎች ቢመጡ ማመልከቻቸውን እጽፍላቸዋለሁ። እኔ የምለምነው ከመግለጫዎ ውስጥ "ሁሉም" የምትለዋ ቃል እንድትነሳልኝ ነው። በቦታዋ "ከአንዱ በቀር" ቢገባ ዓረፍተ ነገሩ አይበላሽም፤ ሞክሬዋለሁ። ርብርቡ እንዳለ ይቆይ፤ ቅንጅቱም ይቆይ። ያቺ ቃል ብትነሳ ዳኛው ድንኳኑን ያወጣል፣ የነፍስ አባቴ ፍትሐቱን ያደርሳሉ፣ አቶ መሐመድአወልም ጋቢውን ይዞ ከሰው ጋር ይመጣል።

ይህ ለሥራዎ የማይመች ከሆነ ሌላ መንገድ አለ። አንድ ቀን ከዚያ ሕንፃ ይውረዱና ይምጡ፤ ካሜራ አያስፈልግም። እናትዎ ቤት ይደሩ። ጎህ ሲቀድ አጥሩን ተሻግረው ከደጃፌ ይቁሙና ስሜን ይጥሩ። እንዴት እንደሚባል ታውቀዋለህ፤ እኔው ነኝ ያስተማርኩህ፣ አለማየሁ። ዓይኔን ማየት ካቃተህ መሬት መሬቱን እያየህ ንገረኝ። ድምፅህ ቢንቀጠቀጥ ግድ የለም፤ ከዚያ ከመኪናው ጣራ ላይ ጀምሮ የምወደው ድምፅ ነው። እንደማውቅ አውቀህም ቢሆን ንገረኝ፤ ማወቅና መነገር አንድ አይደለም። ቢሆነኝ ከአንተ ጋር በአንድ ሳህን ያደገ ወንድምህ ነበር።

ይቅርታ፣ ክቡርነትዎ። ብዕሬ ሥርዓት ሳተች።

እንግዲህ ዘመንዎ የረዘመ፣ ከረባትዎ ያላረጀ፣ ቃልዎ በየአዳራሹ የተጨበጨበለት ይሁን። እርስዎ የላኩት ሁሉ በሰላም የሚመለስበት፣ የተመለሰውም ከቤቱ የሚገኝበት ዘመን እግዚአብሔር ያምጣልን እያልኩ፣ ውድ ጊዜዎን ስለ አንድ ሰው ብቻ በመሻማቴ አፍሬ እጅ ነስቼ እሰናበታለሁ።

በመግለጫዎ መሠረት ደስተኛ የሆነው፣ የተመላሹ ወጣት አባት፣
ቻላቸው
ከፍርድ ቤቱ ዋርካ ሥር፣ ፍኖተ ሰላም

ግልባጭ
ለሚመለከተው ክፍል፣ ከተገኘ

ድኅረ ጽሑፍ፦ እናትዎ ደህና ናቸው። ይህን የምለው በእርስዎ ቋንቋ ሳይሆን በእኔ ነው፤ ትናንትም ራት አብልተውኛል፣ ሳላቸው ግን ጠንቶባቸዋል። ዕድሜ ይስጣቸው። ቀናቸው የደረሰ ጊዜ ግን በመግለጫ አይሰሙትም። እኔ በሕይወት ካለሁ አውቶቡስ ተሳፍሬ ራሴ እመጣለሁ። ማታ ከደረስኩ ምንም ሳልናገር ራት በልተው ማደርዎን አረጋግጣለሁ፤ ጎህ ሲቀድ ከደጃፍዎ ቆሜ ስምዎን እጠራለሁ። የዚያን ዕለት በርዎን የሚጠብቁት ሰዎች ቀጠሮ አለህ ወይ ብለው እንዳይመልሱኝ ከአሁኑ ይንገሩልኝ። መጠበቅ ምን እንደሆነ አውቀዋለሁና፣ እርስዎን አንድ ንጋት እንኳ አላስጠብቅዎትም።